ያውቁ ኖሯል? ከጥፊው በፊትና በኋላ፦ ሰባ ዓመት ካሜራ ፊት የቆመችው ሊበርታድ ላማርኬ

የአርጀንቲና የድሮ ሲኒማ ሲነሣ፣ ስለ ሊበርታድ ላማርኬ ብዙ ሰው የሚያውቀው አንድ ጥፊ ብቻ ነው። ጥፊው ይቆየን፤ ተራው ሲደርስ እናነሣዋለን። (ዓመቶቹ በሙሉ እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው።)

ያውቁ ኖሯል? ሊበርታድ ማለት ነፃነት ነው፤ የመድረክ ስም ሳይሆን አባቷ ያወጣላት የልደት ስሟ ነው። አባቷ ቆርቆሮ ሠሪና የለየለት አናርኪስት ነበር። የተወለደችው ኅዳር 24 ቀን 1908 ሮሳሪዮ ከተማ ውስጥ ነው። ገና በልጅነቷ መድረክ ላይ ወጣች፤ በ1926 ቦነስ አይረስ ገብታ ሸክላ ማስቀረጽ ጀመረች።

ለመጀመሪያ ጊዜ ፊልም የሠራችው በ1930 ነው፤ ፊልሙ ግን ድምፅ አልባ ነበር። ዘፋኝ ቀጥሮ ድምፅ አልባ ፊልም ማሠራት ምን ይባላል?

ያውቁ ኖሯል? ድምፁ እዚያው ፊልሙ ላይ የተቀረጸለት የመጀመሪያው የአርጀንቲና ረጅም ፊልም ሚያዝያ 27 ቀን 1933 ለተመልካች ቀረበ። ርእሱ «ታንጎ!» ነው። ታሪክ አለው ለማለት ያህል አለው እንጂ፣ ዋናው ነገር የዘመኑ ዘፋኞችና ኮሜዲያን ተራ በተራ ብቅ ማለታቸው ነው። ላማርኬም አለችበት፤ ቲታ ሜሬሎና ሉዊስ ሳንድሪኒም አሉበት። ሦስቱም ከዚያ በኋላ ለአሥርተ ዓመታት ከፊልም አልጠፉም።

የታንጎው ንጉሥ ካርሎስ ጋርዴል ድምፅ ያላቸውን ረጅም ፊልሞቹን የሠራው አገሩ ውስጥ ሳይሆን ፓሪስ አካባቢና ኒው ዮርክ ነበር። በ1935 ኮሎምቢያ ውስጥ ሜዴዪን ላይ በአውሮፕላን አደጋ ሞተ። በመላው ላቲን አሜሪካ የታንጎ ፊልም የለመደው ተመልካች ሜዳ ላይ ቀረ።

ያውቁ ኖሯል? ያን ተመልካች የያዘው ፊልም ታሪኩ የራሷ የላማርኬ ነበር። በ1936 ሆሴ አጉስቲን ፌሬይራ ያዘጋጀው «ለመኖር እርዳኝ» ይባላል። እስከዚያ ድረስ በፊልም የሚዘፈነው መድረክ ላይ ወይም ጭፈራ ቤት ውስጥ፣ ሰበብ ተፈልጎለት ነበር። እዚህ ግን ሴትየዋ ከባሏ ጋር እየተነጋገረች ሳለ ነገሩ ሲብስባት ንግግሩ ሳይቋረጥ ታንጎ ይሆናል፤ እንባውም ክርክሩም በዜማ ይቀጥላል። ዛሬ ለሚያየው ትንሽ ያስቃል፣ አልዋሽም። ያኔ ግን ፊልሙ ከአርጀንቲና ውጭ በየአገሩ ተሸጠ፤ ያው አዘጋጅና ያችው ዘፋኝ ወዲያው ሁለት ፊልም ደገሙ። «የአሜሪካ ሙሽራ» የሚለው ቅጽል ስሟም እስከ ዕለተ ሞቷ አልተለያትም።

እንግዲህ ጥፊው። በ1945 «የሰርከስ ጉዞ» የተባለውን ፊልም ማሪዮ ሶፊሲ ሲያዘጋጅ፣ ዋናዎቹ ተዋንያን ላማርኬና ኡጎ ዴል ካሪል ነበሩ። በአነስተኛ ሚና የገባችው ወጣት ኤቫ ዱዋርቴ ትባላለች። ወዳጇ ደግሞ ኮሎኔል ሁዋን ፔሮን ነው። ወሬው እንዲህ ይላል፦ ኤቫ በሰዓቱ አትመጣም፤ ላማርኬ ትዕግሥቷ አልቆ በጥፊ አላሰቻት፤ ፔሮን በ1946 ፕሬዚዳንት ሲሆን የላማርኬ እንጀራ ተዘጋ። ላማርኬ እስክትሞት ድረስ ጥፊውን ክዳለች። በመዘግየት ሳቢያ ቅሬታ እንደነበራት ግን አልሸሸገችም።

እኔን የሚገርመኝ ጥፊው ኖረም አልኖረም፣ የዚያን ዘመን ሌላ ችግር ማንም አለማንሣቱ ነው። አርጀንቲና በሁለተኛው የዓለም ጦርነት ገለልተኛ ነኝ በማለቷ፣ አሜሪካ ጥሬ ፊልም እንደ ልብ እንዳታገኝ አደረገቻት፤ ለሜክሲኮ ግን አቀረበች። በ1942 የአርጀንቲና ስቱዲዮዎች 56 ፊልም አውጥተው ነበር፤ «የሰርከስ ጉዞ» በወጣበት ዓመት የዚያን ግማሽ እንኳ አልሞሉም። ላማርኬ ሜክሲኮ ሄደች፤ ቲታ ሜሬሎና ሳንድሪኒም በ1946 እዚያው ሄደው ሠርተዋል። እነሱን ማን በጥፊ መታቸው?

ያውቁ ኖሯል? ስፔናዊው የፊልም አዘጋጅ ሉዊስ ቡኙኤል ሜክሲኮ ውስጥ የሠራው የመጀመሪያ ፊልም የላማርኬ ነው። «ግራን ካሲኖ» በ1947 ወጣ፤ ከእሷ ጋር የሚዘፍነው የሜክሲኮው ኮከብ ሆርሄ ኔግሬቴ ነው። ታሪኩ በነዳጅ ጉድጓዶች መካከል ይካሄዳል። ሁለቱ ፍቅራቸውን የሚገላለጹበት ሰዓት ሲደርስ ተመልካች መሳሳም ይጠብቃል። ካሜራው ግን ወደ መሬት ይወርዳል፦ ኔግሬቴ ዘይት የተቀላቀለበትን ጭቃ በእንጨት ያማስላል። ፊልሙ ገበያ አላገኘም፤ ቡኙኤል ቀጣዩን ፊልም እስኪያወጣ 1949 ደረሰ። ላማርኬ ግን አልጠበቀችም። በዚያው በ1947 «ሶሌዳድ»ን ሠራች፤ ቀጥላም ከሌላው የሜክሲኮ ኮከብ ከፔድሮ ኢንፋንቴ ጋር በሁለት ፊልሞች ዘፈነች። ሜክሲኮ ውስጥ የሠራቻቸው ፊልሞች በቁጥር ከአገሯ ይበልጣሉ፤ ባመዛኙም ልጇን ያጣች፣ ስሟ በሐሰት የጠፋ ወይም የተከዳች እናት ሆና ነው የምትጫወተው። በእኔ ግምት አንዳንዶቹ ያለ ድምፅዋ አይታዩም። በጠቅላላው ከ60 በላይ ፊልም ሠርታለች።

ኤቫ በ1952፣ በ33 ዓመቷ ሞተች። ፔሮን በ1955 ከሥልጣን ወረደ። ላማርኬ ከዚያ በኋላ አርጀንቲና እየተመላለሰች ሠርታለች፤ ሜክሲኮን ግን አልለቀቀችም።

ያውቁ ኖሯል? በ89 ዓመቷ ሰካራም አያት ሆና ተጫውታለች። በ1998 የታየው «ላ ኡሱርፓዶራ» የተባለ የሜክሲኮ ተከታታይ ድራማ ነው፤ ላማርኬ የሀብታሙ ቤተሰብ የበላይ የሆነችውን ጠርሙስ ወዳድ አሮጊት ሆና ትታያለች። በአርጀንቲና ፊልሞቿ ጊዜ ገና ያልተወለዱ ተመልካቾች ያወቋት በዚህች አያት ነው።

ከዚያም አላረፈችም። በ2000 ዓመተ ምሕረት «የመልአክ ፊት» በተባለው የልጆች ተከታታይ ድራማ እመ ምኔት ሆና እየሠራች ሳለች በሳምባ ምች ታመመች፤ ታኅሣሥ 12 ቀን ሜክሲኮ ሲቲ ውስጥ በ92 ዓመቷ አረፈች። ድራማው አላለቀም ነበርና አዘጋጆቹ በቦታዋ ሌላ እመ ምኔት አስገቡ፤ የተመረጠችው ሲልቪያ ፒናል ነበረች፣ በ1961 የቡኙኤል «ቪሪዲያና» ላይ ምንኩስናን ልትቀበል የነበረችውን ወጣት የተጫወተችው።