አባት ያዩትን ጦርነት ልጅ ይጻፈው

በቤታችሁ ወይም በጎረቤታችሁ በጦርነት ያለፈ ሰው አለ? ከነቀምቴ እስከ ጊዳ አያና ባሉት የወለጋ ከተሞች በደርግ ዘመን ወይም በ1990ዎቹ መጀመሪያ በኤርትራ ጦርነት የዘመቱ አባቶች አሉ። ብዙዎቹ አያወሩም፤ ልጆችም አይጠይቁም። አንድ ቀን አባት ያርፋሉ፤ በቀብሩ ላይ የሚነበበው የሕይወት ታሪክም «አገራቸውን በውትድርና አገልግለዋል» ብሎ በአንድ መስመር ያልፋል።

የተጻፈ ነገር ምን ያህል እንደሚቆይ ለማየት ሩቅ አንሄድም። ሰኔ 1928 ዓ.ም. ጣሊያን አዲስ አበባን ከያዘ ሁለት ወር ሳይሞላው፣ የሆለታ ጦር ትምህርት ቤት ወጣቶች ያሉበት የጥቁር አንበሳ ድርጅት ነቀምቴ አጠገብ ቦነያ ላይ ያረፉ የጠላት አውሮፕላኖችን በሌሊት አጥቅቶ አቃጠለ። ጄኔራል ማሊዮኮና ስመ ጥሩው አብራሪ ሎካቴሊ በዚያ ተገደሉ።

የዚያን ዘመን ነገር የምናውቀው የነበሩበት ሰዎች ስለ ጻፉት ነው። በኋላ ድርጅቱን የመሩት ልዑል ራስ እምሩ ኃይለ ሥላሴ በ1972 ዓ.ም. ዐረፉ፤ ማስታወሻቸው «ካየሁት ከማስታውሰው» ግን በ2002 ዓ.ም. ታትሞ ለእኛ ደረሰ። የጥቁር አንበሳ ደንብ አባላቱ ገበሬውን እንዳያንገላቱ፣ በምርኮኛ ላይም ግፍ እንዳይፈጽሙ ይከለክል እንደ ነበርም እናውቃለን። ባይጻፍ ኖሮ የተኩሱ ወሬ ቀርቶ ርኅራኄው በተረሳ ነበር።

ኢያሱ ከዮርዳኖስ 12 ድንጋዮች ያስወጣው ልጆች አይተው እንዲጠይቁ ነው (ኢያ. 4)። ግድግዳ ላይ የተሰቀለው የአባት የወታደር ፎቶግራፍም ጠያቂ ይጠብቃል።

እንዴት እንጠይቅ?

«ስንት ሰው ገደልክ?» ብላችሁ አትጀምሩ። ከማን ጋር እንደ ነበሩ፣ ምን ይበሉ እንደ ነበር፣ ማንን እንደ ቀበሩ፣ እንዴት እንደ ተመለሱ ጠይቁ። በስልካችሁ ቅዱ፤ ቦታውንና ዓመቱን መዝግቡ። ያዩትን ከሰሙት ለዩ። ከዚያም አንብቡላቸውና ያርሙት። የጓዶቻቸውን ስም አትዝለሉ፤ ልጁ ሳይመለስ ለቀረበት ቤት ያ ስም ብቸኛው ወሬ ሊሆን ይችላል።

እኅቴ ሆይ፣ ባልሽ ዘማች ከነበረ በእንቅልፉ ሲባንን የምታውቂው አንቺ ነሽ። አታስገድጂው። ሲጀምር ግን ቡናውን አቅርበሽ አድምጪው። ትዝታው እንቅልፍ ከነሣው ብቻችሁን አትሸከሙት፤ ወደ ሐኪም ሂዱ።

ጊዳ አያናና ኪረሙ ከ2013 ዓ.ም. ወዲህ በደረሰው ግጭት ብዙ ሰው ሞቷል፣ ብዙ ቤተሰብም ተፈናቅሏል። ስለዚህ ትዝታችን ለቂም ማገዶ እንዳይሆን እንጠንቀቅ። ጀግንነቱ ሲጻፍ ኀዘኑም፣ ለጠላት የተደረገው ምሕረትም አብሮ ይጻፍ። ጦርነትን የቀመሱ አባቶች ስለ ሰላም የሚሉት አላቸው። በሕይወት ሳሉ ደብተራችሁን ይዛችሁ አጠገባቸው ተቀመጡ።