ያውቁ ኖሯል? የአውሬዎቹ ተውኔት ደራሲ ጨርጨርን ገዝተዋል

የመጀመሪያው የአማርኛ ተውኔት ደራሲ፣ በጅሮንድ ተክለ ሐዋርያት ተክለ ማርያም፣ የጨርጨር አውራጃ ገዢ እንደነበሩ ያውቁ ኖሯል? ሩሲያ ተምረው ሲመለሱ፣ አዲስ አበባ ላይ «ቴአትር» ተብሎ የሚታየው ነገር ዘፈንና ጭፈራ ብቻ ሆነባቸው። ስለዚህም በ1910ዎቹ «ፋቡላ፦ የአውሬዎች ኮሜዲያ»ን ጻፉ። ተረቱን ከፈረንሳዊው ላ ፎንቴን ቢቀዱም፣ በእንስሳቱ አፍ የሚናገረው ግን የቤተ መንግሥቱ ጉቦና ስንፍና ነበር። መኳንንቱ ደግሞ ነገሩ አልጠፋቸውም! ንግሥት ዘውዲቱ ተውኔቱን አገዱት፤ መጽሐፉም ተሰበሰበ።

ደራሲው በኋላ ጨርጨርን ሲያስተዳድሩ፣ ደጋው ላይ ያለችውን አሰበ ተፈሪን፣ የዛሬዋን ጭሮ፣ የአዲስ አስተዳደር ማሳያ አደረጓት። የ1923ቱን ሕገ መንግሥት ያረቀቁትም እሳቸው ናቸው።

ቴአትር ቋሚ ቤት ያገኘው ቆይቶ ነው። በ1927፣ ጣሊያን ጦር ሲያከማች፣ መኰንን ሀብተ ወልድ የሀገር ፍቅር ማኅበርን መሠረቱ። ሥራው መጀመሪያ የአርበኝነት ንግግርና ዘፈን ነበር፤ ድራማው ጣሊያን ድል ከተደረገ በኋላ ጠነከረ። ፒያሳ ያለው የሀገር ፍቅር ቴአትር ቤት በአፍሪካ ከቀደምቶቹ አንዱ ነው። ብሔራዊ ቴአትር በ1948 ሲከፈት ደግሞ የቀረበው የመኰንን እንዳልካቸው «ዳዊትና ኦርዮን» ነበር።

የተክለ ሐዋርያት ልጅ ግርማቸውም ብዕሩን ወረሱ፦ «አርአያ» ልብ ወለድና «ቴዎድሮስ» ተውኔት የእሳቸው ናቸው።