ፊቱን ለምዕራብ የሰጠ በር

በ2005 ዓ.ም. ለእናቴ የብረት በር ገጠምኩላት። ቤቷ ከቆቦ ከተማ ወጣ ብሎ ነው፤ ጀርባው ለዞብል ተራራ፣ ደጃፉ ለምዕራብ። አባቴ ከዋንዛ ጠርቦ የሠራውን ሳንቃ ነቀልኩና፣ አንድ ሚሊ ሜትር ላሜራ በቱቦላሬ ላይ በይጄ፣ ጥቁር ቡናማ ቀለም ቀብቼ አቆምኩት። ጎረቤት አይቶ መረቀኝ። በማግስቱ ከቀኑ ዘጠኝ ሰዓት ላይ ስመጣ፣ እናቴ እጀታውን በነጠላዋ ጫፍ ይዛ ከፈተችልኝ። «ልጄ፣ ምጣድ ነው እንዴ የገጠምክልኝ?» አለችኝ።

ያን ጊዜ ብየዳ ከያዝኩ አሥር ዓመት አልፎኛል። በር ማለት ሌባ የማያስገባ፣ ሲያዩት የሚያምር ነገር ይመስለኝ ነበር። የበርን ሥራ የተማርኩት ከዚያች ጥያቄ በኋላ ነው።

ቆቦ ከባሕር ጠለል በላይ 1,500 ሜትር ገደማ ከፍታ ላይ፣ ከወልድያ ወደ አላማጣ በሚወስደው አስፋልት ላይ ያለች የሜዳ ከተማ ናት። በግንቦትና በሰኔ የከሰዓት ፀሐይ ፊት ለፊት የሚመታው ጥቁር ላሜራ እጅ አያስነካም። ጣጣው ደግሞ መጋሉ ብቻ አይደለም። ብረት ሲሞቅ ይረዝማል። የውጪው ፊት ከውስጡ በ20 ዲግሪ ቢበልጥ፣ ቁመቱ 2.10 ሜትር፣ ውፍረቱ 4 ሳንቲ ሜትር የሆነ በር መሐሉ ላይ ሦስት ሚሊ ሜትር ያህል ወደ ፀሐይ ይጎብጣል። በበሩና በመቃኑ መካከል የምንተወው ክፍተት ራሱ ከዚያ ብዙም አይበልጥም። ጠዋት በጣት የሚዘጋው በር ከሰዓት በኋላ በትከሻ የሚገፋው ለዚህ ነው። ባለቤቱ ግን ማጠፊያው ወረደ ብሎ ያስፈታዋል፤ ማታ ሲቀዘቅዝ ደግሞ ክፍተቱ ይሰፋበታል።

እንጨትም ይንቀሳቀሳል፤ የሚንቀሳቀሰው ግን በእርጥበት ነው። ክረምት ሲገባ ወደ ጎን ያብጣል፣ በበጋ ይሸሻል። አናጺዎች መላ ያበጁለት ከጥንት ጀምሮ ነው፤ ዙሪያውን ጠንካራ ክፈፍ ይሠሩና መሐል ያለውን ሰሌዳ ሳይቸነክሩና በኮላ ሳያጣብቁ በክፈፉ ቦይ ውስጥ ብቻ ይሰኩታል። ሰሌዳው ቢያብጥም ቢሸሽም ክፈፉን አይነካውም። ዛሬ ከተማ ውስጥ የሚሸጠው ሁለት ፊቱ ኮምፔንሳቶ፣ ሆዱ ባዶ የሆነ በር ለመኝታ ክፍል ይበቃል። ደጅ ካቆሙት ግን ዝናብና ፀሐይ ሲፈራረቁበት ልጡ እንደ ሽንኩርት ይላላጣል።

የአባቴ በር ማጠፊያ አልነበረውም። ከሳንቃው ጋር አብሮ የተጠረበ ራስና እግር ነበረው፤ ራሱ በጉበኑ፣ እግሩ በመድረኩ ጉድጓድ ውስጥ ይዞራል። እንዳይጮህ እግሩን ሞራ ይቀባው ነበር። መቃኑንም እንደኛ በሁለት ችካል አያሲዘውም። አግዳሚዎቹ የግድግዳውን ውፍረት ሙሉ በሙሉ ዘልቀው በውጭ በኩል ራሳቸው ይታይ ነበር። ይህ አሠራር ዕድሜው ረጅም ነው። እዚሁ ሰሜን ወሎ፣ ላሊበላ አጠገብ ያለውን ይምርሐነ ክርስቶስን ያየ ሰው በበሮቹና በመስኮቶቹ ጥግ ላይ የወጡትን የእንጨት ራሶች ያስታውሳል። የአክሱም ጠራቢዎች ደግሞ ይህንኑ የአናጺ ሥራ ወደ ድንጋይ ገልብጠውታል። በ1997 ዓ.ም. ከሮም ተመልሶ በ2000 ዓ.ም. ዳግም የቆመው ባለ 24 ሜትሩ ሐውልት ከግርጌው የማይከፈት በር ተቀርጾበታል።

የእነዚያ የእንጨት ራሶች ትርጉም የገባኝ በክፉ ጊዜ ነው። የሰሜኑ ጦርነት በ2013 መጨረሻና በ2014 ዓ.ም. በቆቦ ካለፈ በኋላ፣ ለወራት የመጣልኝ ሥራ የተገነጠለ በር ነበር። ብዙዎቹን ሳይ ቁልፋቸው ደህና ነው፣ ላሜራውም አልተቀደደም። የወጣው መቃኑ ነው፤ ከጭቃው ግድግዳ ጋር ተነቅሎ። ሰው ለቁልፍ ብዙ ገንዘብ ያወጣል፣ ለመቃኑ እግር ግን ሲሚንቶ ይቆጥባል። ከዚያ ወዲህ በእያንዳንዱ ጎን ሦስት ረጃጅም ብረት ግድግዳው ውስጥ ሳላስገባ በር አላቆምም።

የግቢ በር ሲታዘዘኝ ከቀለሙ በፊት «ግመል አለዎት?» ብዬ እጠይቃለሁ። ማሽላ ታጭዶ አገዳው በግመል ሲገባ፣ ጭነቱ ግራና ቀኝ ይንሰራፋል። የበሩ ስፋት ሦስት ሜትር ተኩል ካልሆነ ደጅ ላይ ማራገፍ ነው። በአንዱ ክንፍ ላይ ሰው ብቻ የምታስገባ ትንሽ በር እጨምርበታለሁ፤ ለአንድ እንግዳ ትልቁ ሁሉ እንዳይከፈት። ክረምት የጎሊናና የሆርማት ወንዞች ሲሞሉ፣ ጎርፉም ወደ ሜዳው ሲወርድ፣ የመኖሪያ ቤት መድረክ አንድ ስንዝር ከፍ ቢል ይሻላል። ላሜራው ታች ሲታጠፍ ውሃ ስለሚያቁር ከሥሩ ሁለት ቀዳዳ መተው ያስፈልጋል፤ ዝገት የሚጀምረው እዚያ ነው። ከፍ ያለ መድረክ ግን በተሽከርካሪ ወንበር ለሚሄድ ሰው ግድግዳ ነው። የሕንፃ አዋጅ ቁጥር 624/2001 የሕዝብ መገልገያ ሕንፃዎች ለአካል ጉዳተኞች የሚመች መግቢያ እንዲኖራቸው አዝዞ ነበር፤ ስለዚህ ከጎኑ ተዳፋት መሥራት፣ የበሩንም ስፋት 90 ሳንቲ ሜትር ማድረግ ይገባል። ለወባ አገራችን ደግሞ ከውስጥ የወንፊት በር ቢታከል ማታ ዋናውን ከፍቶ ነፋስ መቀበል ይቻላል።

አንድ ነገር እጅግ ያሳስበኛል። የመኖሪያ ቤት በር ወደ ውስጥ ይከፈታል፣ ትክክል ነው። ብዙ ሰው የሚሰበሰብበት አዳራሽና የመማሪያ ክፍል በር ግን ወደ ውጭ መከፈት አለበት። በቺካጎ ኢሮኳ የሚባል ቲያትር ቤት በ1903 እ.ኤ.አ. ሲቃጠል ከ600 ሰው በላይ አልቋል። ከበሮቹ አንዳንዶቹ ተቆልፈው ነበር፤ ሌሎች ደግሞ ወደ ውስጥ የሚከፈቱ ስለነበሩ የሚሸሸው ሕዝብ ራሱ ደግፎ ዘጋቸው። በደረት ሲገፉት የሚከፈተው አግዳሚ መቀርቀሪያ የተስፋፋው ከዚያ እልቂት በኋላ ነው። እኔ ራሴ ስልሳ ልጅ ለሚቀመጥበት ክፍል ወደ ውስጥ የሚከፈት በር እንድሠራ ታዝዤ፣ ተከራክሬ ተሸንፌ አውቃለሁ። ዛሬ ቢሆን ሥራውን እተወው ነበር።

ብረቱን አልኮንንም። ዋንዛ እንደ ልብ አይገኝም፣ ምስጥም አለ። ለምሥራቅ ደጃፍ ወይም ሰፊ በረንዳ ለጋረደው ቤት፣ ነጣ ያለ ቀለም ከተቀባና ከውስጥ ኮምፔንሳቶ ከለበሰ መልካም በር ነው። የእናቴን በር አንስቼ ለግቢው አዋልኩት። የአባቴን ሳንቃ የፍየሎቹ በረት ላይ ተጋድሞ አገኘሁት፤ ከላይ ጤነኛ፣ እግሩ ብቻ በምስጥ ተበልቷል። የተበላውን ቆርጬ የብረት እግር ሠራሁለት፣ በመድረኩም ጉድጓድ የብረት ማረፊያ ቀበርኩ። ሞራውን እናቴ ራሷ ቀባችው። ከሰዓት በኋላ ስመጣ በባዶ እጇ ትከፍትልኛለች።