ሣር የሚያሸት ውሻ

በውሻ የመሰናክል ውድድር፣ በአጂሊቲ፣ አዲስ ተወዳዳሪን የሚያሳፍር አንድ ነገር አለ። ውሻው ሁለት መሰናክል አሳምሮ ከዘለለ በኋላ ድንገት ይቆምና አፍንጫውን ሣሩ ላይ ተክሎ ይቀራል። ባለቤቱ ሲጠራው ዘወር ብሎም አያየውም። «እልኸኛ ነው» ይባላል። ብዙ ጊዜ ግን እልህ አይደለም። ውሻ ግራ ሲገባው ወይም ሲጨነቅ መሬት ያሸታል፣ ያዛጋል፣ ሰውነቱን ያካል፤ አንዳንዱም ሜዳውን ይዞራል። በዚህ ሰዓት መቆጣት ጭንቀቱን ማባባስ ነው።

ግራ የሚገባው ለምንድን ነው? ስፖርቱ በ1978 እ.ኤ.አ. በለንደኑ ክራፍትስ የውሻ ትርዒት ሲቀርብ አርአያው የፈረስ ዝላይ ነበር። ፈረሰኛ ግን ልጓም በእጁ ነው። የውሻ ባለቤት በአብዛኞቹ ውድድሮች ምግብ ይዞ አይገባም፤ ውሻውንም አይነካም። የመሰናክሉን ቅደም ተከተል አስቀድሞ ተዘዋውሮ የሚያጠናውም እሱ ብቻ ነው። ውሻው መንገዱን የሚያውቀው እየሮጠ፣ ከባለቤቱ ትከሻ፣ ከእግሩ አቅጣጫና ከድምፁ ነው። ምልክቱ ለቅጽበት ከዘገየ፣ ወይም ባለቤቱ ደንግጦ ዳኛውን ካየ፣ ውሻው የሚከተለውን ያጣል። የውሻው ሐሳብ ተበተነ ከማለት በፊት የባለቤቱ ሐሳብ የት እንደነበር መጠየቅ ይገባል።

እኔን ከሩጫው ይልቅ የሚያሳስበኝ ተራ የሚጠበቅበት ጊዜ ነው። ውሾች ይጮኻሉ፣ ድምፅ ማጉያው ያስተጋባል፣ ባለቤቶች ወሬ ይይዛሉ፤ ማሰሪያው ጫፍ ላይ ያለው ውሻ ብቻውን ነው። እንዲህ የቆየ ውሻ መነሻው መስመር ላይ ሲደርስ በድንገት ልብ ይላል ብሎ መጠበቅ ከባድ ነው። ተራዎ እስኪቃረብ ከግርግሩ አርቀው ያሳርፉት። ሲቃረብ ስልክዎን ያስቀምጡና ከእሱ ጋር ብቻ ይሁኑ፤ መዳፍዎን በአፍንጫው እንደ መንካት ያለ የሚያውቀውን ቀላል ነገር ያሠሩት። ወደ ሌላ ውሻ ካፈጠጠ አይጎትቱት፤ ይየው። ፊቱን ወደ እርስዎ ሲመልስ ቁራሽ ሥጋ ይስጡት። አሠልጣኟ ሌስሊ ማክዴቪት በ2007 እ.ኤ.አ. በወጣው «ኮንትሮል አንሊሽድ» በተባለ መጽሐፏ ያስፋፋችው ዘዴ ከዚህ ጋር ይቀራረባል።

ከልክ በላይ የጋለ ውሻም አለ። በመካከላቸው እየተጠማዘዘ የሚያልፍባቸውን በተርታ የቆሙ 12 ዘንጎች ሲጀምር የመጀመሪያውን በግራ ትከሻው በኩል አድርጎ መግባት ሲገባው ቸኩሎ ያልፈዋል። እንዲህ ያለውን ከውድድር በፊት በመጫወቻ ማጋል አይበጀውም፤ በዝግታ ማራመድ ይሻላል።

ሽልማቱን ከመውጫው አጠገብ ሁልጊዜ አንድ ቦታ ያስቀምጡ። በልምምድ ጊዜም ጥቂት መሰናክል አዘልለው ወደዚያው አብረውት ይሩጡ፤ በውድድር ቀን እጅዎ ባዶ ቢሆንም ሥጋው እንደሚጠብቀው ያውቃል።