የፍቅር ፊልሞቻችን ምን ያስተምራሉ?



እዚህ ሆዳን ማታ ማታ የአማርኛ ፊልም ሲከፈት ብዙ ጊዜ ቤተሰቡ ሁሉ አብሮ ያያል። ነገሩ ወደ ፍቅር ሲያመራ ግን አንዱ ሪሞቱን ይፈልጋል፣ ሌላው ወደ ስልኩ ያቀረቅራል፤ ፊልሙ ሲያልቅም ማንም ስለዚያ አያነሳም። ልጆቻችን ግን ስለ ፍቅር፣ ስለ ትዳርና ስለ መከባበር ከዚያው ፊልም መማራቸው አይቀርም። ስለዚህ ፊልሞቹ ከየት እንደመጡና ምን እንደሚሉ ማወቁ ይጠቅመናል።

የመጀመሪያው ረጅም የኢትዮጵያ ልብ ወለድ ፊልም የሚባለው በ1957 ዓ.ም. የታየው «ሂሩት አባቷ ማነው?» ነው። ከርዕሱ እንደምንረዳው ሲኒማችን ገና ሲጀመር የጠየቀው የቤተሰብን ጥያቄ ነበር። ከዚያ በኋላ ለረጅም ዓመታት የተሠሩት ፊልሞች ጥቂት ናቸው። በ1990ዎቹ የቪዲዮ ካሜራ ዋጋው ሲቀንስ ግን የአዲስ አበባ ሲኒማ ቤቶች በአማርኛ ፊልሞች ተሞሉ። የቴዎድሮስ ተሾመ «ቀዝቃዛ ወላፈን» ፍቅርን ከኤች አይ ቪ ጋር አያይዞ አቀረበ፤ የአድማሱ ከበደ «የወንዶች ጉዳይ» ደግሞ ፍቅርን ከሳቅ ጋር አዋሃደ። «የፍቅር ፊልም» የሚለው ስያሜም ተመልካቹ የሚመርጠው ዋና ዘርፍ ሆነ።

የፍቅር ታሪክ የሚቆመው በመሰናክሉ ነው። ሁለት ሰዎች ተዋደው ያለ ችግር ቢጋቡ ፊልሙ በአሥር ደቂቃ ያልቃል። ስለዚህ አንድን ፊልም ለመረዳት «የሚያለያያቸው ምንድን ነው?» ብሎ መጠየቅ ይበቃል። በሐዲስ ዓለማየሁ ልብ ወለድ በ«ፍቅር እስከ መቃብር» በዛብህንና ሰብለ ወንጌልን የለያያቸው የዘር ክብር ነው፤ እሷ የፊታውራሪ ልጅ፣ እሱ የድሃ ልጅ። በሞገስ ታፈሰ ፊልም በ«ቁራኛዬ» በአንዲት ሴት የተካሰሱ ሁለት ወንዶች እንደ ጥንቱ የዳኝነት ሥርዓት በአንድ ሰንሰለት ተቆራኝተው ፍርድ ፍለጋ ይጓዛሉ። በዘመናችን ፊልሞች ደግሞ የዘርን ቦታ ገንዘብ ወስዶታል፤ ከውጭ አገር የመጣ ሰው፣ ትልቅ ቪላ፣ ውድ መኪና። መሰናክሉን ስናውቅ ኅብረተሰቡ በዚያ ጊዜ ምን እንዳስጨነቀው እናውቃለን።

ከሁሉም በላይ ልናስብበት የሚገባው የዘረሰናይ ብርሃነ መሐሪ «ድፍረት» ነው። ፊልሙ በእውነተኛ ታሪክ ላይ የተመሠረተ ሲሆን እ.ኤ.አ. በ2014 በሰንዳንስ ፌስቲቫል የተመልካቾችን ሽልማት አግኝቷል። የ14 ዓመት ልጅ ከትምህርት ቤት ወደ ቤቷ ስትመለስ ትጠለፋለች፤ ለማምለጥ ስትሞክርም ጠላፊዋን በጥይት ትገድላለች። የኢትዮጵያ ሴቶች የሕግ ባለሙያዎች ማኅበርን ከመሠረቱት አንዷ ወይዘሮ መዓዛ አሸናፊ ለልጅቷ ጥብቅና ቆሙ፤ ፍርድ ቤቱም ራሷን ለመከላከል ያደረገችው ነው ብሎ ነፃ አወጣት። ወይዘሮ መዓዛ በኋላ የፌዴራል ጠቅላይ ፍርድ ቤት ፕሬዚዳንት ሆነው አገልግለዋል። የርዕሱን ቃል አስተውሉ፤ ድፍረት ጀግንነትም ነው፣ በሴት ላይ የሚፈጸም ግፍም ነው።

በ1949 ዓ.ም. የወጣው የወንጀለኛ መቅጫ ሕግ ጠላፊው የጠለፋትን ሴት ካገባ ከቅጣት እንዲያመልጥ ይፈቅድ ነበር። በ1992 ዓ.ም. የተሻሻለው የቤተሰብ ሕግ ለጋብቻ የሁለቱም ነፃ ፈቃድ እንደሚያስፈልግና ዕድሜያቸውም ቢያንስ 18 ዓመት መሆን እንዳለበት ደነገገ። የ1996ቱ የወንጀል ሕግ ደግሞ ያንን ማምለጫ ዘጋው። እንግዲህ ተማሪዎቻችን ይህን ይያዙ፦ ፈቃድ የሌለበት ነገር፣ የፊልም ሙዚቃ ቢያጅበውም፣ ፍቅር አይደለም። እምቢ ያለችን ልጅ መንገድ ላይ እየጠበቀ የሚያስቸግር ወጣት በፊልም መጨረሻ ቢሳካለትም፣ በሕይወት ውስጥ ግን ያ ማስፈራራት ነው።

የሌላ አገር ፊልም ብናይ ደግሞ የራሳችን ይበልጥ ይገለጥልናል። ከልጅነቱ ጀምሮ በፈረንሳይ ያደገው ቬትናማዊው ትራን አን ሁንግ እ.ኤ.አ. በ1993 «የአረንጓዴ ፓፓያ ሽታ» የተባለውን ፊልም ሠራ። ታሪኩ የሳይጎን ቢሆንም የተቀረጸው ፈረንሳይ ውስጥ በተሠራ የቤት አምሳያ ነው፤ ከአገር ርቆ አገርን መሥራት ማለት ይህ ነው። የቤት ሠራተኛዋ ሙይ ፍቅሯን የምትገልጸው በንግግር ሳይሆን ምግብ በማዘጋጀትና በዝምታ ነው። እኛም ብንሆን «እወድሻለሁ» ከሚለው ቃል ይልቅ ቡናውን፣ ጉርሻውንና ሽማግሌ መላኩን እናውቃለን። ጌታዋ ሙይን ማንበብ ያስተምራታል፤ ይህ ደስ ይላል። ነገር ግን አንድ ሠራተኛ አሠሪዋን እምቢ ማለት ትችላለች ወይ? ይህ በየቤታችን ሠራተኛ ላለን ወላጆችም የቀረበ ጥያቄ ነው።

ወላጆች ሆይ፣ ሪሞቱን ከማንሳት ይልቅ ፊልሙ ሲያልቅ ሦስት ጥያቄ ጠይቁ፦ የሚያለያያቸው ምን ነበር? ሁለቱም በነፃነት መርጠዋል ወይ? አንዱ እምቢ ቢል ምን ይደርስበት ነበር? ተማሪዎችም መልሳችሁን ሳትፈሩ ተናገሩ። ቤት ውስጥ ስለዚህ መነጋገር የለመደ ልጅ፣ ከቤት ውጭ ችግር ሲገጥመው ለማን እንደሚነግር ያውቃል።