አባባ ተስፋዬ፦ የልጆች ቴሌቪዥን ጸሐፊና አዘጋጅ

የኢትዮጵያ ቴሌቪዥን ጥቅምት 23 ቀን 1957 ዓ.ም. ሥርጭት ሲጀምር፣ በሙያው የሠለጠነ ሰው በአገሩ እምብዛም አልነበረም። መሣሪያው በእንግሊዙ ቶምሰን ኩባንያ እገዛ ተተከለ፤ ስቱዲዮው በአዲስ አበባ ማዘጋጃ ቤት ነበር። ፕሮግራሙን የሚሠሩት ግን ከራዲዮና ከቲያትር የመጡ ሰዎች ነበሩ። ከእነዚህ አንዱ ተስፋዬ ሣህሉ፣ ሕዝቡ በፍቅር እንደሚጠራቸው አባባ ተስፋዬ ናቸው።

በ1915 ዓ.ም. በባሌ ተወለዱ። ከጣሊያን ወረራ በኋላ በአዲስ አበባ ማዘጋጃ ቤት ቲያትር ገቡ። ሴቶች መድረክ ላይ በማይወጡበት በዚያ ዘመን የሴት ገጸ ባሕርይ ሆነው ይጫወቱ ነበር። ዘፈኑም፣ ምትሃት ማሳየቱም፣ ሰው ማሳቁም ይሆንላቸው ነበር። ኮሪያ ድረስ ተጉዘው እዚያ የዘመቱትን የኢትዮጵያ የቃኘው ሻለቃ ወታደሮች አዝናንተዋል። በኋላም በቀዳማዊ ኃይለ ሥላሴ ቲያትር፣ በዛሬው ብሔራዊ ቲያትር፣ ተውነዋል።

የልጆችን ፕሮግራም ሲይዙ ይህ ሁሉ ስንቅ ሆናቸው። ጸሐፊውም፣ አዘጋጁም፣ ተራኪውም እሳቸው ነበሩ። ልጆቹን የዛሬ አበባዎች፣ የነገ ፍሬዎች እያሉ ሰላምታ ሰጥተው ተረቱን ይጀምራሉ። ከዚያ ድምፃቸውን እየለዋወጡ አንዴ ጅብ፣ አንዴ ጦጣ፣ አንዴ ንጉሥ ይሆናሉ። በዘመኑ ሥርጭቱ በአብዛኛው በቀጥታ ይተላለፍ ስለነበር፣ የተሳሳተን ቃል መልሶ መቅረጽ የለም፤ የመድረክ ሰው መሆናቸው የጠቀማቸው እዚህ ላይ ነው። ትልቁ ችሎታቸው ግን ሌላ ይመስላል፦ ሽማግሌ በእሳት ዳር ለቤቱ ልጆች የሚነግረውን ተረት ለዛውን ሳያጡ፣ እሳቸው ለማያዩአቸው ብዙ ሺህ ልጆች ማድረስ ችለዋል።

ተመልካቹ መጀመሪያ የአዲስ አበባና የአካባቢዋ ነዋሪ ብቻ ነበር። ለምሳሌ ከዋና ከተማዋ ወደ 900 ኪሎ ሜትር የሚርቀው፣ ከሱዳን ጋር የሚዋሰነው የመተማ ቆላ ከሥርጭቱ ውጭ ነበር። ሥርጭቱ ወደ ክፍለ አገሮች የተዳረሰው በየጊዜው በተተከሉ ማሠራጫዎች፣ ቆይቶም በሳተላይት ነው። ጅብና ዝንጀሮ እያየ ለሚያድግ የመተማ ወይም የቋራ ልጅ ግን የአባባ ተስፋዬ ተረት ባዕድ አይሆንበትም፤ ገጸ ባሕርያቱ የደጁ ናቸውና።

ፕሮግራሙ በንጉሡ ዘመን ተጀምሮ ደርግንም ተሻግሮ እስከ ኢሕአዴግ ዘመን ዘለቀ። ጥቁርና ነጩ ሥዕል በ1970ዎቹ ወደ ቀለም ሲለወጥ፣ የልጅነት ተመልካቾቻቸው ወላጆች ሆነው ልጆቻቸውን ከቴሌቪዥኑ ፊት ያስቀምጡ ነበር። አባባ ተስፋዬ ከ40 ዓመት በላይ ካገለገሉ በኋላ በ1998 ዓ.ም. ከጣቢያው ተለዩ። ተረቶቻቸውን ለልጆች በመጻሕፍት ማሳተማቸውም ትልቅ ውለታ ነው፤ ሳይቀረጽ በቀጥታ የተላለፈ ፕሮግራም ተመልሶ አይገኝምና። ሐምሌ 24 ቀን 2009 ዓ.ም. በ94 ዓመታቸው ዐረፉ።