የተኩላ ቡችሎችን ጤና ስለ መጠበቅ፤ ከአንድ የኮምፒዩተር ጨዋታ የሚገኝ ትምህርት

የኮምፒዩተር ጨዋታ በተማሪዎች የጥናት መጽሔት ውስጥ ምን ይሠራል የሚል ጥያቄ ከአንዳንድ አንባቢዎቻችን እንደሚነሣ እንገምታለን። ጨዋታ ለመዝናኛ የሚሠራ ነገር ስለሆነ ጥያቄው ተገቢ ነው። ነገር ግን አንድ ጨዋታ የተፈጥሮን ሥርዐት ተከትሎ ሲሠራ፣ የሚጫወተውን ሰው ወደ ከባድ ጥያቄ ያደርሰዋል። ይኸውም መድኃኒትም፣ ሐኪምም፣ ጎተራም የሌለው ፍጥረት የልጆቹን ጤና በምን ይጠብቃል የሚለው ነው። በዚህ ጽሑፍ የምንመረምረው ይህንኑ ነው። የደረስንበትን ሐሳብ ከወዲሁ ብንገልጸው፣ የተኩላ ቡችላ ጤና የሚጠበቀው ወላጆቹ ጊዜያቸውንና ጉልበታቸውን በአደንና በጥበቃ መካከል በሚገባ ሲያካፍሉ ነው፤ ከዚያ ወዲያ ግን የወላጅ ጥረት የማይደርስበት ወሰን አለ።

ጨዋታውና ቦታው

ጨዋታው «ዎልፍክዌስት» ይባላል። ያዘጋጁት በሰሜን አሜሪካ የሚገኘው የሚኒሶታ የአራዊት ማሳያና ኤድዌብ የተባለው ድርጅት ሲሆኑ፣ ለመጀመሪያ ጊዜ የወጣው በ2007 ነው (በዚህ ጽሑፍ ያሉት ዓመቶች ሁሉ እንደ አውሮፓ አቈጣጠር ናቸው)። የሥራውን ወጪ የረዳው የአሜሪካ ብሔራዊ የሳይንስ ፋውንዴሽን ነበር። ከዚያ በኋላ ጨዋታው እንደ ገና ተሠርቶ፣ አዲሱ እትም ከ2019 ጀምሮ ለተጫዋቾች መቅረብ ጀመረ።

ተጫዋቹ ራሱን በአንድ ወጣት ግራጫ ተኩላ ቦታ ያገኘዋል። ግራጫው ተኩላ በአገራችን አንዳንድ ጊዜ በዚሁ ስም ከሚጠራው አውሬ የተለየ መሆኑን እግረ መንገዳችንን እናስታውሳለን። ተጫዋቹ እያደነ ይኖራል፤ የትዳር ጓደኛ ይፈልጋል፤ ግዛቱን በሽታ ምልክት ያጥራል፤ ጎሬ ይመርጣል፤ በመጨረሻም ቡችሎች ያሳድጋል። ብዙ ተጫዋቾች የሚቸገሩት በዚህ በመጨረሻው ክፍል ነው።

ቦታው የሎስቶን ብሔራዊ ፓርክ ነው። በዚህ ፓርክ ተኩላዎች በሰው እጅ እየተገደሉ በ1920ዎቹ ዓመታት ጠፍተው ነበር። በ1995 14፣ በ1996 ደግሞ 17 ተኩላዎች ከካናዳ መጥተው ተለቀቁ። ከዚያን ጊዜ ጀምሮ ተመራማሪዎች ኑሯቸውን ከዓመት ዓመት ስለተከታተሉ፣ ጨዋታው የሚያሳየውን ከእውነተኛው ሕይወት ጋር ማመሳከር ይቻላል።

ምግብ የጤና መሠረት ስለ መሆኑ

ተጫዋቹ በመጀመሪያ የሚያየው ነገር ቡችሎቹ መራባቸውን ነው። የእያንዳንዱ ቡችላ የረኀብ መጠን በመስመር ተሥሎ ይታያል፤ መስመሩም ሳይቋረጥ እየቀነሰ ይሄዳል። ወላጁ ከአደን ሲመለስ ቡችሎቹ ይከቡትና አፉን ይልሱታል፤ እሱም ሥጋ በአፉ ይዞ መጥቶ ወይም የበላውን ከሆዱ መልሶ እያወጣ ይመግባቸዋል።

ይህ ከእውነተኛው ተኩላ ጠባይ የተቀዳ ነው። በየሎስቶን ቡችሎች የሚወለዱት በሚያዝያ ወር አጋማሽ ገደማ ነው። ሲወለዱ ዕውርና ደንቆሮ ናቸው፤ ክብደታቸውም ግማሽ ኪሎ ያህል ነው። ዐይናቸው የሚገለጠው ሁለት ሳምንት ገደማ ሲሞላቸው ነው። በሦስተኛው ሳምንት አካባቢ ከጎሬው አፍ ብቅ ማለት ይጀምራሉ፤ ከዚህም በኋላ ከጡት ወደ ሥጋ ቀስ በቀስ ይሻገራሉ። አፍ መላሱ ወላጁ የበላውን እንዲያወጣ የሚያነሣሣ ምልክት ነው። ሆድም ሥጋን ከሩቅ ቦታ ለማምጣት ከአፍ የተሻለ ስልቻ ነው፤ በመንገድ ላይ ንስርም ሆነ ድብ ሊነጥቀው አይችልምና።

እዚህ ላይ ተጫዋቹ ሊጠነቀቅበት የሚገባ ነገር አለ። አምስት ቡችሎች ቢኖሩና አራቱ ጠግበው አንዱ ቢራብ፣ ሲደመር ሲካፈል ቤተሰቡ ደኅና ይመስላል። ነገር ግን የሚሞተው ያ አንዱ እንጂ ድምሩ አይደለም። ስለዚህ ብልኅ ተጫዋች ስንት ሥጋ አመጣሁ ብሎ ብቻ ሳይሆን፣ ማን በላ ማንስ አልበላም ብሎ ይጠይቃል። በትምህርት ክፍሎቻችን ስለ አማካይ ቍጥር የተማርነው ማስጠንቀቂያ በዚህ ቦታ ሕይወት ያገኛል።

አደንና ጥበቃ እርስ በርሳቸው ስለ መጋጨታቸው

ምግብ የጤና መሠረት ከሆነ፣ ዘወትር ማደን ይበቃል የሚል ሐሳብ ሊመጣ ይችላል። ይህ ግን አይሆንም፤ ምግቡ የሚገኘው ከጎሬው ርቆ ነው። ኤልክ የሚባለው ትልቅ አጋዘን ወደ ጎሬ አይመጣም፤ ተኩላው ሄዶ ሊፈልገው ይገባል። ከሚሞከሩት አደኖችም አብዛኞቹ ይከሽፋሉ። የኤልክ ርግጫ አዳኙን ሊያቈስለው ይችላል፤ የቈሰለ ወላጅም ለቡችሎቹ የሚተርፍ ጉልበት የለውም። በዚህ ሁሉ ጊዜ ቡችሎቹ ይጠብቃሉ። ዙሪያቸውን ደግሞ ንስር፣ ድብ፣ ፒዩማ የሚባለው የዱር ድመት፣ ካዮቲ የሚባለውም ቀበሮ መሰል አውሬ አሉ። ቡችሎች ተፈጥሯቸው መንቀዥቀዥ ስለሆነ ከጎሬው ርቀው ይሄዳሉ። ወላጁም እያንዳንዱን በአፉ አንጠልጥሎ ሊመልስ ይገደዳል።

እንግዲህ ለምግብ የምትሄድበት ሰዓት ለጥበቃ የምታጎድለው ሰዓት ነው። ዘወትር ጎሬው በር ላይ የተቀመጠ ወላጅ ልጆቹን ከንስር አድኖ ለረኀብ ይሰጣቸዋል። ዘወትር አደን ላይ የሚውለውም ከረኀብ አድኖ ለንስር ይሰጣቸዋል። በእውነተኛው ሕይወት ተኩላዎች ለዚህ ችግር ያገኙት መልስ የሥራ ክፍያ ነው። ቡችሎቹ ገና ሙቀታቸውን ራሳቸው መጠበቅ በማይችሉባቸው የመጀመሪያ ሳምንታት እናቲቱ ከእነሱ እምብዛም አትለይም። አባትየውና ባለፉት ዓመታት የተወለዱት ታላላቆች አድነው ለእሷም ለቡችሎቹም ያመጣሉ። ድር ቢያብር አንበሳ ያስር የሚለው የአገራችን ምሳሌ ለተኩላ መንጋ የተነገረ ይመስላል።

በጨዋታውም ውስጥ የትዳር ጓደኛው ከቡችሎቹ ዘንድ ሊቀር ይችላል። ከዚህ የተነሣ ሦስት ልማዶችን ለተጫዋች እንመክራለን። አንደኛ፣ ረኀብ እስኪጠና ሳይጠበቅ አስቀድሞ መመገብ፤ ሳይቃጠል በቅጠል እንዲሉ። ሁለተኛ፣ አጠገብ ያለውን ትንሽ አደን፣ ለምሳሌ ጥንቸልን፣ ሩቅ ላለው ትልቅ አደን ሲባል አለመናቅ። ሦስተኛ፣ የራስን ጤና እንደ ቡችሎቹ ጤና አድርጎ መቍጠር። ሦስተኛው ለሰሚው ራስ ወዳድነት ይመስል ይሆናል፤ ነገር ግን ቡችሎቹ ከወላጁ ጉልበት በቀር ሌላ ጎተራ የላቸውም።

በሽታና የወላጅ ወሰን

እስካሁን የተናገርነው ሁሉ ትጉህ ተጫዋች ሊፈጽመው የሚችል ነው። በሽታ ግን ከዚህ ይለያል። በአዲሱ እትም ቡችላ ሊታመም ይችላል። ተጫዋቹ መድኃኒት የሚሰጥበት መንገድ የለም፤ ማድረግ የሚችለው መመገብና መጠበቅ ነው። በሚገባ የተመገበ ቡችላ የመዳን ተስፋው ይበልጣል፤ ሆኖም በሚገባ የተመገበውም ሊሞት ይችላል።

በዚህ ነገር በተጫዋቾች መካከል ክርክር አለ። አንዳንዶቹ ሥራዬን ሁሉ ፈጽሜ ሳለሁ ቡችላዬ ከሞተ ጨዋታው ፍርደ ገምድል ነው ይላሉ። ጨዋታ ማለት የደከመ የሚሸለምበት ነው የሚለው ሐሳባቸው በቀላሉ የሚጣል አይደለም። ሌሎቹ ደግሞ ተፈጥሮ እንዲህ ናትና መደበቅ አይገባም ይላሉ።

ከሁለቱ ወገን ለመወሰን የሎስቶንን መመልከት ይጠቅማል። በዚያ ዲስተምፐር የተባለው የውሻ ዘሮች በሽታ በ1999፣ በ2005 እና በ2008 ተነሥቶ፣ በእነዚያ ዓመታት ከተወለዱት ቡችሎች ብዙዎቹን አጥፍቷል። በሽታውን የሚያመጣው ቫይረስ ሲሆን በተለይ ከታመመው እንስሳ ትንፋሽና ፈሳሽ ይተላለፋል፤ ተኩላን ብቻ ሳይሆን ካዮቲንና ቀበሮንም ይይዛል። ከበሽታው ድነው የቀሩ ትልልቆች ለረጅም ጊዜ የሚጠብቃቸው መከላከያ በደማቸው ይኖራል። እናት ይህን መከላከያ በመጀመሪያው ወተቷ ለቡችሎቿ ታካፍላለች። ስጦታው ግን በጥቂት ሳምንታት ውስጥ እየደከመ ይሄዳል። የሚደክመውም ቡችሎቹ ከጎሬው ወጥተው ዓለምን ማሽተት በሚጀምሩበት ወራት ነው። በእነዚያ ዓመታት ቡችሎቻቸው ያለቁባቸው ተኩላዎች ሰነፎች ነበሩ የሚል ማን አለ? ግዛታቸውን ጠብቀዋል፤ አድነዋል፤ መግበዋል።

ስለዚህ በእኛ አስተያየት በሽታው ከጨዋታው መውጣት የለበትም። ቢወጣ ጨዋታው አንድ ሐሰት ያስተምር ነበር፤ ይኸውም የሞተ ልጅ ሁሉ በወላጁ ቸልተኝነት ሞተ የሚል ነው። ይህ ሐሰት ስለ ተኩላ ብቻ ቢሆን ጉዳቱ ትንሽ በሆነ ነበር፤ ስለ ሰው ልጆች ሲነገር ግን ልጅዋን በበሽታ ያጣችን እናት በሐዘኗ ላይ ፍርድ ይጨምርባታል። ትጋት የመዳንን ተስፋ ያበዛል እንጂ መዳንን አያረጋግጥም። ይህን ለይቶ ማወቅ ለሕክምናም ሆነ ለእርሻ ተማሪ ትልቅ ነገር ነው።

ጨዋታው የማያሳየው

እውነቱን ለመናገር ጨዋታው ጉድለቶች አሉት። በእውነት ወራት የሚፈጀው ዕድገት በጨዋታው በሰዓታት ይጠናቀቃል። ተኩላ የልጁን ረኀብ በመስመር ተሥሎ አያየውም፤ ከጩኸቱ፣ ከሽታውና ከአፍ መላሱ ይረዳዋል። ከዚህም በላይ ተጫዋቹ ቡችሎቹ ቢያልቁበት እንደ ገና መጀመር ይችላል። ተኩላው ግን ዳግመኛ እስኪወልድ አንድ ዓመት መጠበቅ አለበት፤ እስከዚያም በሕይወት መቈየቱ የተረጋገጠ አይደለም።

ወሰኑን ማን ይሻገረዋል?

ከላይ የተጠቀሰው በሽታ ለአገራችን እንግዳ አይደለም። በባሌ ተራሮች የሚኖረው ቀይ ቀበሮ፣ በስሙ ቀበሮ ይባል እንጂ በዘሩ የግራጫው ተኩላ የቅርብ ዘመድ ነው፤ ከአገራችንም ውጭ በሌላ ስፍራ አይገኝም። በዓለም ያሉት ትልልቆቹ ከ500 እንደሚያንሱ ይገመታል። በእሱም ዘንድ መንጋው በሙሉ ለአንዲቱ እናት ልጆች ምግብ ያመጣል፤ ይጠብቃልም። እንዲህ ሆኖ ሳለ የእብድ ውሻ በሽታ በ1991፣ በ2003፣ በ2008 እና በ2014 በባሌ ተነሥቶ ብዙ ቀበሮዎችን ፈጅቷል፤ በ2010 ደግሞ ዲስተምፐር ገብቷል። የእብድ ውሻ በሽታን በዋናነት የሚያመጡባቸው ከሰው ጋር ወደ ተራራው የሚወጡት ውሾች ናቸው።

የቀይ ቀበሮ ወላጆች በሽታውን በምንም ትጋት ሊያቆሙት አይችሉም። ሰው ግን ይችላል። በተራራው ዙሪያ ያሉ ውሾች ለብዙ ዓመታት ሲከተቡ ቈይተዋል፤ ከ2018 ጀምሮም የእብድ ውሻ መከላከያ ክትባት በሥጋ ውስጥ ተደብቆ ለቀበሮዎቹ ለራሳቸው መሰጠት ተጀምሯል። ተኩላ ሆኖ የሚጫወት ሰው የታመመ ቡችላ አጠገብ ተቀምጦ ምንም ሊሠራ እንደማይችል ይረዳል። ኮምፒዩተሩን ዘግቶ ሲነሣ ግን ሰው ነው፤ የገበሬውንም ውሻ ማስከተብ ይችላል። የሳይንስ ትምህርት ቤቶቻችን ተማሪዎች በዕረፍት ጊዜያቸው ወደየአገራቸው ሲመለሱ፣ በሰፈራቸው ያሉት ውሾች ተከትበው እንደሆነ እንዲጠይቁ፣ ካልተከተቡም የወረዳውን የእንስሳት ሐኪም እንዲያነጋግሩ እናሳስባለን።